ፍላሸሩን ከመግዛትዎ በፊት፦ የአሮጌ መኪና ፍሬቻና ሃዛርድ ብልሽት አፈላለግና የሽቦ አዘረጋግ

በቡራዩ፣ በዓለም ገና፣ በሰበታ፣ በለገጣፎም ሆነ በሱሉልታ መንገድ ዳር ባሉ ጋራዦች የአንድ አሮጌ ኮሮላ ወይም ቮልስ ፍሬቻ ሥራ ሲያቆም ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የሚነቀለው ፍላሸሩ፣ ማለትም መብራቱን የሚያብለጨልጨው ትንሽ ዕቃ፣ ነው። ፍላሸር ያለ መፍቻ በእጅ ተስቦ የሚወጣ፣ መርካቶ ሶማሌ ተራ ተወርዶም በቀላሉ የሚገዛ ዕቃ ስለሆነ ነው እንጂ ብልሽቱ ዘወትር እርሱ ላይ ስለሚገኝ አይደለም። ከአስፋልት ወጥቶ ኮረኮንች ላይ የሚውል፣ በበጋ አቧራ በክረምት ጭቃ የሚለብስ መኪና ላይ ከፍላሸሩ ቀድመው ሊጠረጠሩ የሚገባቸው የአምፖል መያዣው፣ ማሳው (ኤሌክትሪኩ በቦዲው ብረት በኩል ወደ ባትሪው ኔጋቲቭ የሚመለስበት መገናኛ) እና የሃዛርዱ (የግራና የቀኝ ፍሬቻዎችን በአንድ ጊዜ የሚያብለጨልጨው ማስጠንቀቂያ) ማብሪያ ናቸው። ስለዚህ ከዚህ በታች የቀረበው ቅደም ተከተል መለካትን ያስቀድማል፤ መግዛትን ወደ መጨረሻው ይገፋል።

ኤሌክትሪኩ የሚያልፍበት መንገድ

ለፍሬቻውም ለሃዛርዱም አንድ ፍላሸር በሚጠቀሙት አብዛኞቹ የጃፓንና የአውሮፓ አሮጌ መኪኖች ላይ ወደ ሃዛርዱ ማብሪያ የሚገቡ ሁለት የፖዘቲቭ መስመሮች አሉ። አንደኛው በሞተር ቁልፍ በኩል የሚመጣና ቁልፉ ሲከፈት ብቻ ኤሌክትሪክ የሚኖረው ሲሆን፣ ሁለተኛው በራሱ ፊውዝ በኩል ከባትሪ በቀጥታ የሚመጣና ቁልፉ ቢዘጋም የማይቋረጥ ነው። ሃዛርዱ ባልበራበት ጊዜ ማብሪያው የቁልፉን መስመር ከፍላሸሩ መግቢያ ጋር ያገናኛል፤ ከፍላሸሩ የሚወጣው ደግሞ ወደ ፍሬቻው እጀታ ሄዶ እጀታው ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ ይመራዋል። ሃዛርዱ ሲበራ ማብሪያው የቁልፉን መስመር ቆርጦ የባትሪውን ቀጥታ መስመር ለፍላሸሩ ይሰጠዋል፤ በዚያው ቅጽበት የፍላሸሩን መውጫ ከግራና ከቀኝ መብራቶች ጋር በአንድነት ያያይዘዋል። እጀታው በዚህ ጊዜ ምንም ሥራ የለውም። ከእንጦጦ ወደ ሱሉልታ በጉም ውስጥ ሃዛርድ አብርተው የሚነዱ አሽከርካሪዎች ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ መታጠፋቸውን ለኋላቸው ማሳየት የማይችሉትም በዚሁ ምክንያት ነው።

ከዚህ አሠራር አንድ ትልቅ ነገር ይከተላል። ሃዛርዱን ነክቶ የማያውቅ ሰው እንኳ ፍሬቻ ባሳየ ቁጥር ኤሌክትሪኩ በሃዛርዱ ማብሪያ ውስጥ ያልፋል። ለዓመታት ያልተነካ ማብሪያ ውስጡ ያሉት የመዳብ ምላሶች ይጠቁራሉ፤ ፍሬቻው ይጠፋል፤ የሚከሰሰው ግን ፍላሸሩ ነው።

ስለ ፍላሸሩ ራሱ ጥቂት ማወቅም ይጠቅማል። ሁለት እግር ያለውን የድሮ ክብ የቆርቆሮ ፍላሸር ከፍተው ቢመለከቱ አንዲት ስስ የብረት ምላስና እንደ ፀጉር የቀጠነ ሽቦ ያገኛሉ። ወደ አምፖሎቹ የሚሄደው ኤሌክትሪክ ሽቦዋን ሲያሞቃት ምላሷ ቅርጿን ትለውጣለች፤ ስትቀዘቅዝ ትመለሳለች፤ የምንሰማው ጠቅ ጠቅታ ይህ ነው። ሙቀቱ የሚመጣው ከአምፖሎቹ ፍጆታ ስለሆነ የብልጭታው ፍጥነት በአምፖሎቹ ላይ ይወሰናል። በ12 ቮልት የሚሠራ ባለ 21 ዋት አምፖል 1.75 አምፔር ይስባል፤ በአንድ ጎን የፊት፣ የኋላና ባለ 5 ዋቷ የጎን አምፖል ሲደመሩ 47 ዋት ወይም ወደ 3.9 አምፔር ይሆናል። አንዱ ባለ 21 ዋት አምፖል ሲቃጠል ብዙዎቹ የሙቀት ፍላሸሮች ሳይብለጨለጩ በርተው ይቀራሉ፤ ባለ ሦስት እግሮቹ የኤሌክትሮኒክስ ፍላሸሮች ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ሾፌሩ እንዲያውቀው ሆን ተብሎ ፍጥነታቸው እጥፍ እንዲሆን ተደርገው ተሠርተዋል። ትክክለኛው ፍጥነት በደቂቃ ከ60 እስከ 120 ብልጭታ ነው።

የሚያስፈልጉ ዕቃዎች

ዋናው መሣሪያ የሙከራ አምፖል ነው፤ ባለ 21 ዋት አምፖል ከነመያዣው ወስደው ሁለት ረጃጅም ሽቦዎች በማያያዝ ራስዎ ሊሠሩት ይችላሉ። መልቲሜትር ቢኖር ጥሩ ነው፤ ብቻውን ግን ያታልላል። ከብዙ ክሮች መካከል አንዲት ክር ብቻ የቀረችው ሽቦ በመልቲሜትር ስትለካ 12 ቮልት ታሳያለች፤ አምፖል ሲጫንባት ግን መሸከም አትችልም። የሙከራው አምፖል ይህን ወዲያውኑ ያጋልጣል። ከዚህ በተጨማሪ አንድ ክንድ የሚያህል 1.5 ሚሊ ሜትር ካሬ ውፍረት ያለው ሽቦ፣ ካቻቢቴ፣ ፒንሳ፣ ደቃቅ የብርጭቆ ወረቀት፣ ናስትሮ (የሽቦ መጠቅለያ ፕላስተር) እና ስታኞ (በሙቀት ቀልጦ ሽቦ የሚበይድ ብረት) ያዘጋጁ። ባትሪው ምንም ነገር ሳይበራበት ከ12.4 ቮልት በታች ከሆነ መጀመሪያ ቻርጅ ያስደርጉ፤ በደከመ ባትሪ የሚደረግ ምርመራ ጊዜ ማባከን ነው።

አንደኛ፦ ሃዛርዱን አብርተው መኪናውን ይዙሩ

ምንም ነገር ሳይነቅሉ ሃዛርዱን ያብሩና በመኪናው ዙሪያ ሄደው እያንዳንዱን መብራት ይመልከቱ፤ ከዚያ ቁልፉን ከፍተው ግራና ቀኝ ፍሬቻውን ለየብቻ ይሞክሩ። ይህ ሙከራ ምንም ወጪ የለውም፤ ከፍለጋው ግማሹን ግን ይጨርስልዎታል።

ሃዛርዱ እየሠራ ፍሬቻው በሁለቱም ጎን የማይሠራ ከሆነ ፍላሸሩ፣ አምፖሎቹና ማሳው ደኅና ናቸው ማለት ነው፤ የሚጠረጠሩት የፍሬቻው ፊውዝ፣ በሃዛርዱ ማብሪያ ውስጥ ያለው የቁልፍ መስመር መገናኛና የፍሬቻው እጀታ ናቸው። በተቃራኒው ፍሬቻው እየሠራ ሃዛርዱ ካልሠራ የሃዛርዱን ፊውዝና ማብሪያውን ይመርምሩ። በሃዛርድ የሚበራ ጎን በእጀታው ሲሞከር ብቻ ከጠፋ ጥፋቱ የእጀታው ነው። አንዱ ጎን በሁለቱም መንገድ እምቢ ካለ ብልሽቱ ከእጀታው ወዲያ፣ በዚያ ጎን ሽቦ፣ አምፖል ወይም ማሳ ላይ ነው። ሁሉም ከጠፋ ብቻ ፍላሸሩ ዋና ተጠርጣሪ ይሆናል።

እዚህ ላይ ሁለት ጥንቃቄዎች አሉ። አራቱም ሲበሩ ፍጆታው እጥፍ ስለሚሆን አንድ አምፖል የተቃጠለበት መኪና ሃዛርዱ በደንብ ሊብለጨለጭ ይችላል፤ ዞሮ መመልከት ግዴታ የሆነው ለዚህ ነው። ሁለተኛ፣ ለሃዛርዱ የተለየ ፍላሸር የተገጠመላቸው መኪኖችም ስላሉ፣ ክሩስኮቶው (ዳሽቦርዱ) ሥር ጆሮዎን አስጠግተው ጠቅታው በሁለቱም ጊዜ ከአንድ ቦታ መምጣቱን ያረጋግጡ። ከሁለት ቦታ ከመጣ የሃዛርዱ መሥራት ስለ ፍሬቻው ፍላሸር ምንም አይመሰክርም።

ሁለተኛ፦ ፊውዞቹ

ፊውዝን በዓይን ብቻ አይመኑ፤ ቁልፉን ከፍተው የሙከራውን አምፖል አንድ ጫፍ ማሳ ላይ፣ ሌላውን በፊውዙ ሁለት ጫፎች ላይ በየተራ ያድርጉ፤ በሁለቱም ሊበራ ይገባል። በቮልስና በላዳ ላይ የሚገኙት ክፍት ፊውዞች ነጩ 8፣ ቀዩ 16 አምፔር ናቸው፤ መያዣ ምላሳቸው ስለሚላላና ስለሚዝግ ፊውዙን በጣት ማሽከርከር ብቻ መብራቱን የሚመልስበት ጊዜ አለ። በኋላ በመጡት ባለ ሁለት ምላስ ፊውዞች ቀዩ 10፣ ሰማያዊው 15፣ ቢጫው 20 አምፔር ነው። በሲጋራ ፓኮ ብርማ ወረቀት የተጠቀለለ ፊውዝ ካገኙ ወዲያውኑ አውጥተው ይጣሉት፤ ከዚያ በኋላ የሚነደው ፊውዙ ሳይሆን ሽቦው ነውና።

ሦስተኛ፦ አምፖሎቹ፣ መያዣዎቹና ማሳው

በዚህ ክፍል ላይ መቸኮል አይገባም። የኋላውን መብራት መስታወት የያዙትን ብሎኖች ይፍቱ። አሮጌ ኮሮላ ላይ ብዙ ጊዜ የሚታየው ይህ ነው፦ የመስታወቱ ጎማ ደርቆ ተሰነጣጥቋል፤ ከታች ያለው የውኃ ማስወጫ ቀዳዳ በአቧራ ተደፍኗል፤ ካለፈው ክረምት የቀረ ቡናማ የውኃ ምልክት በመያዣው ወገብ ላይ ይታያል፤ የአምፖሉ ቂጥ የሚነካው የመዳብ ምላስ አረንጓዴ ዝገት ለብሷል። አምፖሉ አልተቃጠለም፤ የሚደርሰው ኤሌክትሪክ ግን የለም። አምፖሉን ያውጡ፣ ምላሱንና የመያዣውን ግድግዳ በብርጭቆ ወረቀት እስኪያብረቀርቅ ይፈግፍጉ፣ ምላሱ ከሰመጠ ባትሪውን ነቅለው በካቻቢቴ ጫፍ ጥቂት ቀና ያድርጉት፣ ቀዳዳውን ይክፈቱ። ለፍሬቻ የሚሆነው ባለ አንድ ክር 21 ዋት አምፖል ነው፤ ለፍሬንና ለኋላ መብራት የሚሆነው ባለ ሁለት ክር 21/5 ዋት አምፖል የጎን ጉጦቹ እኩል ከፍታ ላይ ስላልሆኑ በግድ ካልሆነ በቀር ቦታው ላይ አይገባም። በግድ የገባ አምፖል ከተገኘ ያለፈው ባለሙያ ምን እንዳደረገ መገመት አያዳግትም።

የማሳ ብልሽት ራሱን የሚገልጥበት መንገድ አለው። ፍሬን ሲረገጥ ፍሬቻው አብሮ ከደበዘዘ፣ ወይም ፍሬቻው ሲብለጨለጭ የኋላው ትንሽ መብራት በተቃራኒው ጠፋ ቦግ ካለ፣ ኤሌክትሪኩ የራሱን ማሳ አጥቶ በሌላው አምፖል ክር በኩል መመለሻ እየፈለገ ነው። ለማረጋገጥ ፍላሸሩን ነቅለው የሶኬቱን መግቢያና መውጫ (አለያየታቸው በአራተኛው ክፍል ተገልጿል) በአጭሩ ሽቦ ያገናኙ፤ መብራቱ ሳይብለጨለጭ በርቶ ይቆይ፤ የሚብለጨለጭ መብራት ላይ የዲጂታል መልቲሜትር ቁጥር አይረጋምና። ከዚያ የመልቲሜትሩን ጥቁር ጫፍ በባትሪው ኔጋቲቭ፣ ቀዩን በአምፖሉ መያዣ ብረት ላይ ያድርጉ። 0.1 ወይም 0.2 ቮልት ቢያሳይ ደኅና ነው፤ ከ0.5 ቮልት ካለፈ ማሳው መጽዳት አለበት። ከመፈግፈግ የሚሻለው ግን ከመያዣው ብረት ላይ አዲስ ሽቦ በስታኞ በይዶ ቀለሙ በተፋቀ የቦዲ ብረት ላይ በብሎን ማሰር ነው። ደጋግመው ቀለም የተቀቡ፣ ፓራውልታቸውና የመብራት ቤታቸው በፕላስቲክ የተቀየረ መኪኖች ላይ ይህን ሳልጠየቅም እመክራለሁ።

አራተኛ፦ ፍላሸሩ

አሁን ወደ ፍላሸሩ ይምጡ። ብዙውን ጊዜ ከፊውዝ ሳጥኑ አጠገብ ወይም ከመሪው በታች ከፔዳሎቹ በላይ ይገኛል። እግሮቹ በፊደል ወይም በቁጥር ተለይተዋል። በጃፓን ሥራ ላይ «ቢ» የፖዘቲቭ መግቢያ፣ «ኤል» ወደ መብራት የሚሄደው መውጫ፣ «ኢ» ማሳ ነው። በጀርመን ሥርዓት በተሠሩት ላይ መግቢያው 49፣ መውጫው 49ኤ፣ ማሳው 31 ሲሆን፣ «ሲ» የሚል ካለ ለክሩስኮቶው ጠቋሚ አምፖል ነው። ሁለት እግር ብቻ ያላቸው ማሳ አይፈልጉም፤ መግቢያቸው አንዳንዴ «ኤክስ» ተብሎ ይጻፋል።

ፍላሸሩን ነቅለው ቁልፉን ይክፈቱ፤ የሙከራውን አምፖል በሶኬቱ መግቢያና በቦዲው መካከል ያድርጉ። ካልበራ ፍላሸሩ ጥፋት የለበትም፤ የሚበላው አልደረሰውም። ከበራ፣ ሦስት እግር ባለው ሶኬት ላይ አምፖሉን ከቦዲው አንሥተው በመግቢያውና በማሳው እግር መካከል ይሞክሩ፤ አሁን ከጠፋ የፍላሸሩ የማሳ ሽቦ ተቆርጧል። ሁለቱም ከበሩ መግቢያውንና መውጫውን በአጭሩ ሽቦ አገናኝተው እጀታውን ወደ ግራ፣ ከዚያ ወደ ቀኝ ያድርጉ። መብራቶቹ በሙሉ ድምቀት በርተው ከቆዩ ሽቦው ሁሉ ጤነኛ ነው፤ ፍላሸሩን ለመቀየር ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አያስፈልግም።

ሞተሩ በዝግታ ሲዞር ብቻ የሚዘገይና ነዳጅ ሲሰጥ የሚፈጥን ፍሬቻ ግን የፍላሸር ጉዳይ አይደለም፤ የዲናሞው ኃይል ማነስ ወይም የባትሪው ማሰሪያ መላላት ነው።

አምስተኛ፦ የሃዛርዱ ማብሪያና እጀታው

በፊውዙ ላይ ኤሌክትሪክ እያለ በፍላሸሩ መግቢያ ላይ ከሌለ መሐሉ ላይ ያለው ማብሪያው ነው። ከመንቀልዎ በፊት ሃያ ሠላሳ ጊዜ በፍጥነት ያብሩት ያጥፉት፤ የጠቆረው ምላስ እርስ በርሱ ሲፋተግ ይጸዳል፤ ፍሬቻውም በብዙ መኪና ላይ በዚያው ይመለሳል። ከተመለሰ ደስ ይበልዎት፤ ነገር ግን ማብሪያውን አውጥተው በመገናኛ ማጽጃ ስፕሬይ ካላጠቡት በሚቀጥለው ክረምት ይመለሱበታል። ቤንዚን ለዚህ ሥራ አይጠቀሙ። የእጀታው ብልሽት በተመሳሳይ መንገድ ይታወቃል፤ እጀታውን ወደ አንድ ጎን አድርገው ወደ ላይና ወደ ታች ሲያወዛውዙት መብራቱ መጥፋት መብራት ካበዛ የውስጡ መገናኛ አልቋል።

ፍላሸር ሲገዙ

አሮጌውን ይዘው ይሂዱ፤ ሆኖም በመልኩ ብቻ አይግዙ። ሦስት እግር ያላቸው ሁለት ፍላሸሮች መልካቸው አንድ ሆኖ የእግሮቹ ቅደም ተከተል ሊለያይ ይችላል፤ ፊደሉን ከፊደሉ ያመሳክሩ። ቮልቱን ያንብቡ፤ አይሱዙና መሰል የጭነት መኪኖች 24 ቮልት፣ የቀድሞዎቹ ቮልሶች ደግሞ 6 ቮልት ስለሆኑ ሦስቱም ዓይነት በአንድ መደርደሪያ ላይ ተቀላቅለው ሊገኙ ይችላሉ። ዋቱንም ያንብቡ፤ በአንድ ጎን ሁለት ባለ 21 ዋት፣ በሃዛርድ አራት እንደሚችል መጻፍ አለበት። ሻጩን ባትሪና ሁለት አምፖል ላይ እንዲሞክርልዎ ቢጠይቁት አይከፋም፤ ባለ አንድ አምፖል ሙከራ ግን ደኅናውን ፍላሸር ብልሹ ያስመስለዋልና አይቀበሉት።

ሃዛርድ ለሌለው መኪና አዲስ መስመር መዘርጋት

ፍሬቻ ኖሮት ሃዛርድ ያልተሠራለት መኪና ላይ የድሮውን መስመር ሳይነኩ ሁለተኛ ፍላሸር መጨመር ከሁሉ የቀለለና የታመነ መንገድ ነው እላለሁ። የሚያስፈልገው ባለ ሦስት እግር ፍላሸር፣ ባለ 15 አምፔር ፊውዝ ከነቤቱ እና ሁለት መስመር በአንድ ጊዜ የሚያገናኝ አራት እግር ያለው ማብሪያ ነው።

መጀመሪያ የባትሪውን ኔጋቲቭ ይንቀሉ። ከባትሪው ፖዘቲቭ 1.5 ሚሊ ሜትር ካሬ ሽቦ አውጥተው ፊውዙን በተቻለ መጠን ወደ ባትሪው አስጠግተው ይግጠሙ፤ ሁለቱም ጎኖች ሲበሩ 94 ዋት ወይም ወደ 7.8 አምፔር ስለሚፈጁ ቀጭን ሽቦ አይበቃም። ሽቦው የሞተር ክፍሉን ግድግዳ በሚያልፍበት ቀዳዳ ላይ የጎማ ቀለበት ያግቡ፤ ስለት ያለው ቆርቆሮ ኮረኮንች ላይ ሲንቀጠቀጥ የሽቦውን ልባስ በጊዜ ይቆርጠዋል። ሽቦውን ወደ ፍላሸሩ «ቢ» ያስገቡ፤ «ኢ»ን በንጹሕ ማሳ ላይ ይሰሩ፤ ከ«ኤል» የሚወጣውን ወደ ማብሪያው ሁለት መግቢያ እግሮች በአንድነት ያያይዙ። ከሁለቱ መውጫ እግሮች አንዱን ወደ ግራው፣ ሌላውን ወደ ቀኙ የፍሬቻ ሽቦ በ1 ሚሊ ሜትር ካሬ ሽቦ ይውሰዱ፤ የሚገናኙትም ከእጀታው በኋላ ይሁን።

ሁለቱን ጎኖች በአንድ ተራ ማብሪያ እግር ላይ መቋጠር ብዙ ጊዜ የሚታይ ስሕተት ነው። እንዲህ የተሠራ መኪና ሃዛርዱ ቢጠፋም ግራና ቀኙ ተያይዘው ስለሚቀሩ ወደ ግራ ሲያሳይ አራቱም ይብለጨለጫሉ። በዚህ አዘረጋግ ሃዛርዱ ሲበራ እጀታው መሐል ላይ መሆን አለበት፤ አለበለዚያ ሁለቱ ፍላሸሮች በአንድ ጎን ላይ ተደርበው ብልጭታው ይዘበራረቃል።

የግራና የቀኝ ሽቦ ለማግኘት ቀለም ይረዳል፤ በቮልስና በሌሎች የጀርመን መኪኖች ጥቁር-ነጭ ለግራ፣ ጥቁር-አረንጓዴ ለቀኝ ነው፤ በቶዮታዎች ዘንድ አረንጓዴ-ጥቁር ለግራ፣ አረንጓዴ-ቢጫ ለቀኝ የተለመደ ነው። ይሁንና ብዙ እጅ የነካው መኪና ላይ ቀለም ምስክር አይሆንም፤ በሙከራ አምፖል እያረጋገጡ ይሂዱ። መጋጠሚያዎቹን በስታኞ በይደው በናስትሮ ይጠቅልሉ።

ሁሉ ካለቀ በኋላ ፊውዙን ገና አያስገቡ። በፊውዙ ቦታ የሙከራውን አምፖል በሁለቱ ጫፎች መካከል አያይዘው ባትሪውን ያገናኙ። ማብሪያው ጠፍቶ ሳለ አምፖሉ በሙሉ ድምቀት ከበራ አንድ ቦታ ኮንታክት (የፖዘቲቩ ሽቦ ከቦዲው ጋር መነካካት) አለ፤ ሽቦ ሳይነድ፣ ፊውዝ ሳይቃጠል ያገኙታል። ካልበራ ፊውዙን ያስገቡ።

ኤል ኢ ዲ አምፖል ካስገቡ

ኤል ኢ ዲ የሚስበው ኤሌክትሪክ እጅግ ጥቂት ስለሆነ የሙቀት ፍላሸሩ አይሞቅም፤ የኤሌክትሮኒክሱ ደግሞ አምፖል የተቃጠለ መስሎት ይቻኮላል። ተገቢው መፍትሔ ለኤል ኢ ዲ የተሠራ፣ በአምፖል ፍጆታ የማይወሰን ባለ ማሳ ፍላሸር መግጠም ነው። ባለ 6 ኦም 50 ዋት ሬዚስተር በየአምፖሉ ጎን መጨመርም ይቻላል፤ ነገር ግን እጅ የሚያቃጥል ሙቀት ስለሚያወጣ ከፕላስቲክ ርቆ በብረት ላይ መታሰር አለበት፤ እኔ አልመርጠውም። ለግራም ለቀኝም አንድ ጠቋሚ አምፖል ብቻ ያላቸው ክሩስኮቶዎች ሌላ ችግር አለባቸው፤ ጠቋሚው በግራና በቀኝ መስመር መካከል ተገጥሞ ማሳውን ከማይሠራው ጎን አምፖሎች ስለሚያገኝ፣ ኤል ኢ ዲ ሲገባ የተቃራኒው ጎንም አብሮ ሊብለጨለጭ ይችላል። ጠቋሚውን ከሁለቱም መስመሮች በአንዳንድ ዳዮድ (ኤሌክትሪክን በአንድ አቅጣጫ ብቻ በሚያሳልፍ ዕቃ) አምጥቶ ሌላውን እግሩን ማሳ ላይ ማሰር ይህን ያስቀረዋል።

የመጨረሻው ሙከራ

ሞተሩን አስነሥተው የፊት መብራት፣ የዝናብ መጥረጊያና ማሞቂያ ማራገቢያ በአንድነት በርተው ሳሉ ፍሬቻውን በግራና በቀኝ አንድ አንድ ደቂቃ በሰዓት እየያዙ ይቁጠሩ፤ በ60 እና በ120 መካከል መሆን አለበት። ሌላ ሰው ፍሬን እንዲረግጥ አድርገው ከኋላ ቆመው የመደብዘዝ ወይም የመጠላለፍ ምልክት መኖር አለመኖሩን ይመልከቱ። ቁልፉን አውጥተው ሃዛርዱን አሥር ደቂቃ ያብሩትና ፍላሸሩን፣ ፊውዙንና የማብሪያውን ጀርባ በእጅ ይዳስሱ፤ ለብ ማለቱ የተለመደ ነው፤ ጣት የማያስቆም ሙቀት ያለበት መጋጠሚያ ግን በደንብ አልተበየደምና ተፈቶ እንደገና ይሠራ። ይህን ሙከራ ከአንድ ጥሩ ዝናብ በኋላ ይድገሙት፤ የዓመቱ የቴክኒክ ምርመራና ቦሎ ከመድረሱ ከአንድ ሳምንት በፊትም እንዲሁ፤ ምክንያቱም የመብራት ጉድለት በምርመራው ዕለት ሲገኝ ሠልፉ እንደገና ከመጀመሪያው ይጀመራል።